ጥሪ ያጠረበት መንገድ

በካርታ ቤቱ ሰዎች ዘንድ «ቆቁ» በመባል የሚታወቀው ሰሚ፣ ከገመድ ሠሪ እናቱና ከጉድጓድ ቆፋሪ አባቱ፣ በረጅሙ ድርቅ በሦስተኛው ዓመት፣ ኅዳር ሃያ ሁለት ቀን፣ ረቡዕ ማለዳ ተወለደ። ቅጽል ስሙን ያወጣችለት ታላቅ እኅቱ ናት። ገና ጡት ሳይጥል፣ ሰው ወደ ደጃፋቸው ሲቀርብ ኮቴው ለማንም ሳይሰማ እሱ ዐይኑን ይገልጥ ስለ ነበር፣ «ይኼስ ልጅ አይደለም፣ ቆቅ ነው!» አለች፤ ስሙም በዚያው ጸንቶ ቀረ።

የዚያ አገር ምድር እንደ ሌላው ምድር አርፎ የተኛ አይደለም። በዝናብ ወራት ይሰበሰባል፤ በድርቅ ጊዜ ደግሞ ከእንቅልፉ እንደ ነቃ ሰው ይንጠራራና ይረዝማል። በአንደኛው ዓመት በአንድ ቀን ተኩል የተደረሰበት መንደር በሚቀጥለው ዓመት ሁለት ቀን ሊፈጅ ይችላል። በገመድ ልለካ ብሎ የተነሣ ሰው አልጠፋም ነበር፤ ነገር ግን በመሬቱ ላይ የተዘረጋ ነገር ሁሉ ከመሬቱ ጋር አብሮ ስለሚለጠጥ፣ ገመዱ ክረምት ከበጋ ያንኑ ቁጥር ይናገራል። የቆቁ እናት ስለዚህ ነገር ሲነሣ፣ «የኔ ገመድ ለጥጃ እንጂ ለእውነት አይሆንም» ትል ነበር። መሬት ሳይነካ የሚሄድ አንድ ነገር ቢኖር የሰው ድምፅ ነው። ስለዚህም የካርታ ቤቱ መሥራቾች መለኪያቸውን ከድምፅ አበጁ፤ ስሙንም «ጥሪ» አሉት።

አንድ ጥሪ ማለት፣ ጠሪው በቆመበት ሆኖ የሰሚውን ስም በሙሉ ኃይሉ ሲጠራ፣ ሰሚው ስሙን ለይቶ እስከሚሰማበት የመጨረሻ ቦታ ድረስ ያለው ርቀት ነው። ድምፅ መስማት ብቻውን አይበቃም፤ ስሙን መለየት ግድ ነው። ጠሪና ሰሚ የአንድ እናት ልጆች እንዲሆኑ ደንቡ ያዛል። ሰው ከድምፅ ሁሉ አስቀድሞ የሚለየው በልጅነቱ «ና ብላ» እያለ የጠራውን ድምፅ ነውና።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ጠሪው ከነጭ ድንጋይ አጠገብ ይቆማል። ሰሚው ጀርባውን ሰጥቶ፣ በበትር ጫፍ ላይ የታሰረ ቀይ ጨርቅ ይዞ ይሄዳል። ጠሪው እያሰለሰ ይጠራዋል። ስሙ የተምታታበት እንደ ሆነ ሰሚው ጥርት ብሎ ወደ ሰማበት ስፍራ ይመለስና ጨርቁን ያነሣል። ያን ጊዜ በቅሎ ነጂው ከጭነቱ ሌላ ነጭ ድንጋይ አውጥቶ በዚያ ያኖራል፤ ጠሪውም ወደ አዲሱ ድንጋይ ይመጣል። ሰሚ ከማለዳ እስከ ማምሻ ወደ ኋላ አይዞርም፤ ዐይን ጆሮን ያግዛልና። ጠሪም ሳይጨርስ ከድንጋዩ አይነቃነቅም። ሁለቱም ድንጋይ አይቆጥሩም፤ መቁጠር ምኞትን ይወልዳል፣ ምኞት ደግሞ ቁጥርን ያጣምማል ተብሎ ይታመናል። ካርታ ቤቱ ድንጋዮቹን ቆጥሮ ይሰጣል፤ በመንገዱ መጨረሻ የካርታ ቤቱ ሹም የተረፉትን ቆጥሮ ይቀንሳል።

ቆቁ ለዚህ ሥራ የተፈጠረ ሰው ነበር። ገበያ ሲወጣ ጆሮውን በጥጥ ይደፍናል፤ የአንጥረኛውን ደጅ ዞሮ ያልፋል። «ቆቁ የሰባት መንደር ሹክሹክታ ይሰማል፤ ሚስቱ ዕንጨት ፍለጥ ስትለው ግን ድንጋይ ነው» እያሉ ጎረቤቶቹ ይሥቁበት ነበር። እሱም ይሥቃል። በአንድ ነገር ብቻ ቀልድ አያውቅም፤ ስሙን ሳይሰማ ጨርቅ አንሥቶ አያውቅም ነበር፤ በዚህም ይኮራ ነበር። ሰው ግን ብዙ ጊዜ የሚፈተነው በሚኮራበት በኩል ነው።

እኅቱ ጠሪዋ ከእሱ ጋር በአንድ ግቢ፣ ከካርታ ቤቱ ጀርባ ካሉት ሁለት ክፍሎች በአንዱ ትኖር ነበር። ቁመቷ አጭር፣ ደረቷ ሰፊ ነው። ዕድሜዋን ሙሉ ባል አላገባችም፤ ምክንያቷን ለጠየቃት ሁሉ፣ «ሦስት ሰው ጠይቆኝ ነበር፤ ሦስቱም 'ቤት ውስጥ የተቆጣሽኝ ዕለትስ?' ብለው ፈሩ» ትላለች። በወጣትነቷ ስትጠራ ከግንቡ ማዶ ያሉ ውሾች ይነሡ ነበር። በዚያች ከተማ አንድ ጥሪ ማለት የእሷ ድምፅ ማለት ነው።

አሁን የምንተርከው ዓመት ሲገባ ግን ጉሮሮዋ ይከረክራት ጀመር። ሐኪሙ አፏን አስከፍቶ፣ በመስተዋት ብርሃን እያበራ ብዙ ቆየና፣ «ከእንግዲህ መጮህ አይገባሽም» አላት።

«ታዲያ ምን ሠርቼ ልኑር? አገሩን በሹክሹክታ ልለካው?»

«ከጮኽሽ ሹክሹክታውም አይቀርልሽም።»

ይህን ለቆቁ ነገረችው፤ ለካርታ ቤቱ ግን አልነገረችም። ያልነገረችበት ምክንያት የመጨረሻው መንደር ነው።

የመጨረሻው መንደር እናታቸው የምትኖርበት ነው። ጉድጓዱ ከደረቀ ዓመታት አልፈውታል፤ ውሃ የሚደርሰው በበቅሎ ከከተማ ተጭኖ ነው። ውሃ የጫነች በቅሎ፣ የጫነችውን ራሷ ሳትጠጣ ደርሳ ልትመለስ የምትችለው እስከ ሰባ ጥሪ ድረስ ብቻ መሆኑ በልምድ ታውቋል። ስለዚህ ከሰባ ጥሪ ያለፈ መንደር ከካርታው ይፋቃል፤ ወደ ተፋቀ መንደርም ውሃ አይጫንም። አምና ዝናቡ ደኅና በነበረበት ዓመት የመጨረሻው መንደር ስልሳ ስድስት ጥሪ ሆኖ ተመዝግቦ ነበር። ዘንድሮ ከሰማይ ጠብ ያለ ነገር የለም።

በመነሻቸው ዋዜማ ቆቁ በእኅቱ ክፍል ገብቶ ከበሩ ሥር ቆመ። እሷ ውሃ ታሞቅ ነበር።

«እታለም፣ ሳይሻልሽ አንሄድም። ለሹሙ እንንገረው።»

«ንገረዋ! ሌላ ጠሪ ከኪሱ ሊያወጣ ነው? ያሉት ጥንዶች ሰሜን ወርደዋል፤ እስኪመለሱ ነፋሱ ይነሣል። በነፋስ ደግሞ የሚለካ የለም።»

«እንግዲያስ ዘንድሮ ይለፈን።»

«ይለፈን? ያልተለካ መንገድ አይሣልም፤ ወዳልተሣለ መንገድ ውሃ አይሄድም። እማማን ምን ልትላት ነው? 'ልጅሽን ጉሮሮዋን አሟት ነውና አንቺ ጥሙን ቻዪው' ልትላት?»

እሷም ውሃውን በትንሽ በትንሹ እየተጎነጨች፣ «ይልቅ ጆሮህን ጠርገው፣ ቆቁዬ» አለችው።

በማግሥቱ ሦስት ሆነው ወጡ። ሦስተኛው በቅሎ ነጂው ነው፤ አፉ ከበቅሎው እግር ይልቅ የማያርፍ ሰው። ቤቱም ሚስቱም በዚያው በመጨረሻው መንደር ናቸው። ድንጋዮቹን በሁለት ከረጢት አድርጎ በግራና በቀኝ ጭኗል።

ቆቁ ጀርባውን ሰጥቶ መራመድ ጀመረ። ከኋላው «ቆቁ!» የሚለው ድምፅ መጣ። የስሙ ሁለተኛ ፊደል ብዙ ጊዜ አስቀድሞ ይጠፋል፤ እሱም የሚያዳምጠው ያችኑ ፊደል ነው። አምና በዚህ ሜዳ ላይ የተሰነጠቀውን ቋጥኝ አልፎ እስኪሄድ ድረስ ስሙ ጥርት ብሎ ይከተለው ነበር። ዘንድሮ ቋጥኙ ሩቅ ሳለ ፊደሏ ጠፋች። ቆመ። ወደ ኋላ ተመለሰ። ጨርቁን አነሣ።

ነጂው ድንጋዩን ይዞ መጣና፣ «ምነው ወንድሜ፣ ዛሬ በየደጁ ትቆማለህ? ዕቃ አዟሪ አስመሰልከን እኮ» አለው።

«የሰማሁትን ነው ያነሣሁት።»

«እኔ ምን አልኩ? በቅሎዋ ግን ሸክሟ ስለ ቀለለላት ትመርቅሃለች።»

ቀኑን ሙሉ እንዲሁ ሆነ። ድምፁ በእያንዳንዱ ጥሪ ከኋላው እየተሰበረ ይመጣል፤ ቆቁም ከሰማበት ስፍራ አንዲት ጋት አያልፍም። ፊቱን ሳያዞር እንኳ፣ እኅቱ ከመጥራቷ በፊት ጉሮሮዋን ስትጠርግ ይታወቀው ነበር። ይህን በመስማቱ ልቡ ቢደማም ሥራውን ግን አላጓደለም። እስከዚህ ድረስ የሚነቀፍበት ነገር የለም።

በማምሻው ከደረቁ ወንዝ ደርሰው ከማረፊያው ቤት ገቡ። ቤቱ አንድ ክፍል ነው፤ ሦስት የሣንቃ አልጋ፣ አንድ ምድጃ፣ ክዳን የሌለው አንድ ማድጋ አለው። ነጂው ባዶ ከረጢት ይዞ ገባና በምድጃው አጠገብ አራገፈው፤ አቧራ ብቻ ወጣ።

«የመጀመሪያው ወንዙን ሳናይ አለቀ» አለ። «አምና ሁለተኛውን የፈታነው ወንዙን ተሻግረን ከጉብታው ላይ ነበር።»

«አትቁጠር!» አለው ቆቁ።

«እኔ መቼ ቆጠርኩ? ከረጢቱ ነው የቆጠረው።» ከዚያ በኋላ ግን ቀልዱ ጠፋበት። «በዚህ አያያዛችን ሰባው ጥሪ ከመንደሩ በፊት ያልቃል። ሚስቴ በርሜሉን አጥባ ትጠብቀኛለች እኮ፤ ምን ይዤላት ልገባ ነው?»

ነጂው በቅሎዋን ሊያስር ሲወጣ እኅትየው ትኩስ ውሃዋን በሁለት እጇ ይዛ ቆቁን ትክ ብላ አየችው። ድምጿ እንደ ተቀደደ ጨርቅ ሆኗል።

«ቆቁዬ፣ እውነቱን ንገረኝ። የረዘመው መሬቱ ነው ወይስ ያጠረው የኔ ድምፅ?»

ቆቁ አላወቀም። መለየት የሚቻልበትም መንገድ አልነበረም፤ በዚያ አገር መሬት የሚለካው በእሷ ድምፅ ነው፣ የእሷን ድምፅ የሚለካ ግን ምንም የለም። ሆኖም፣ «መሬቱ ነው፣ እታለም» አላት፤ ፊቷን ማየት ስላልቻለ።

«እንግዲያስ እማማ አለቀላት» አለችና ወደ ግድግዳው ዞራ ተኛች።

ቆቁ በሣንቃው ላይ ጋደም ብሎ ብዙ አሰበ። ያጠረው ድምጿ ከሆነ፣ ጨርቁን ወደ ፊት ገፋ አድርጎ ማንሣት ውሸት ሳይሆን ማቃናት ነው። የረዘመው መሬቱ ከሆነ ደግሞ ውሸት ነው፤ ግን እናት የምትድንበት ውሸት ነው። እንዲህ እያለ ለራሱ ጠበቃም ዳኛም ሆነ፤ ፈረደም። እኅቱ በዚያው ሰዓት ምን ታስብ እንደ ነበር አላወቀም። ሊጠይቃት ይችል ነበር፤ አልጠየቃትም። ክፉ ሥራ ቢያስቡ ኖሮ ይመካከሩ ነበር፤ በጎ ያሰቡ መስሏቸው ተደባበቁ።

በማግሥቱ ከወንዙ ማዶ ጀመሩ። «ቆቁ!» አለች። ሄደ። ሁለተኛዋ ፊደል ጠፋች፤ ሄደ። ድምፁም እንዳለ ጠፋ፤ አሁንም ሄደ። በጆሮው ውስጥ ከገዛ ትንፋሹ በቀር ምንም ሳይኖር፣ ብዙ ርቆ ቆመና ጨርቁን አነሣ። በዕድሜው ለመጀመሪያ ጊዜ ያልሰማውን ስም ሰማሁ አለ።

ነጂው መጣ። ድንጋዩን አኖረና ጎንበስ እንዳለ ቀና ብሎ አየው።

«ማር የላሰችው እሷ፣ የተከፈተው ያንተ ጆሮ!»

ነጂው ዐይኑን ጠቀስ አድርጎበት እያፏጨ ተመለሰ።

ረፋዱ በዚህ ሁኔታ አለፈ። ከቀትር በኋላ ግን ቆቁ ያልጠበቀው ነገር ሆነ። ስሙ ይጠፋል ብሎ ባሰበበት ቦታ ሁሉ ስሙ አልጠፋም። ገፋ ብሎ ሄደ፤ ስሙ ተከተለው። ቁልቁለቱን ወረደ፤ «ቆቁ!» አለው። ሁለተኛዋ ፊደል ሳትቀር ከነሙሉ አካሏ መጣች። ይኸን የመሰለ ጥሪ ከሰማ ዓመታት አልፈው ነበር። ድምጿ የተመለሰላት መሰለው። ያን ጊዜ እንባው ያለ ሐፍረት ወረደ፤ የሚያየው ሰው ስላልነበረም አልጠረገውም። ከዚያ ወዲያ መዋሸት አላስፈለገውም፤ የሚሰማውን እየሰማ ብቻ ጨርቁን ያነሣ ጀመር። ልቡም፣ «እነሆ የረፋዱ ኃጢአት ተሠረየ» አለው።

ነገር ግን እውነቱን መናገር ይገባል። ከሩቅ የመጣ ብርቱ ድምፅና ከቅርብ የመጣ ደካማ ድምፅ አንድ አይደሉም። ብርቱው ክብ ሆኖ ይመጣል፤ ደካማው ሻካራ ሆኖ ይመጣል። ይህን ልዩነት ማንኛውም ሰሚ በመጀመሪያው የሥራ ዓመቱ ይማረዋል። በዚያ ከሰዓት በኋላ ወደ ቆቁ የመጣው ድምፅ ሻካራ ነበር። ጆሮው ሰምቷል፤ ነግሮታልም። አልሰማ ያለው እሱ ነው።

ወደ መንደሩ ሲቃረቡ ነጂው ድንጋይ ሊያኖር መጥቶ፣ «በቅሎዬ ዘንድሮ ድንጋይ እንደ ጫነች ልትመለስ ነው» ብሎ ከረጢቱን በመዳፉ መታ መታ አደረገው። ከረጢቱ ሆዱ እንደ ተነፋ ነበር። ቆቁ በጨረፍታ አየው። ሆኖም መቁጠር ክልክል ነው። ወደ ፊት ዞሮ መንገዱን ቀጠለ።

የመጨረሻው መንደር ቤቶች በመንገዱ በግራና በቀኝ ተሰልፈዋል። በየበሩ ባዶ በርሜል ተቀምጧል። ሰዎቹ ሥራ ፈትተው ቆመዋል። እናቱ በደጃፏ በርጩማ ላይ ተቀምጣ ገመድ ትገምዳለች፤ የገመዱ ጫፍ በእግሯ አውራ ጣት ላይ ታስሯል። ዐይኗ ስለ ደከመ ልጆቿን ያወቀቻቸው በአረማመዳቸው ነው።

«መጣችሁ? ሰውዬው ከጧት ጀምሮ ዕቃ ቤቱ ውስጥ ተቀምጧል። ውሃ አቀረብኩለት፤ 'ለራስዎ ያኑሩት' አለኝ። ጨዋ ነው።»

ሹሙ መነጽሩን በግንባሩ ላይ የሰቀለ፣ ቃሉን የሚመጥን ሰው ነው። ከረጢቱ በፊቱ ተዘረገፈ። የተረፉትን ድንጋዮች እያስጠጋ ቆጠረ፤ ዳግመኛ ቆጠረ፤ ከተሰጡትም ላይ ቀነሰ። ሕዝቡ ከበሩ ላይ ተጨናንቆ ያያል።

«አርባ ሰባት ጥሪ» አለ።

ከበሩ አንድ ሰው «ተመስገን!» ብሎ ጮኸ። ሴቶች ተቃቀፉ። የነጂው ሚስት በርሜሏን ከበሮ እንደሚመቱ መታችው። ሹሙ ግን ብዕሩን አላነሣም። መነጽሩን ከግንባሩ አውርዶ ዐይኑ ላይ አደረገ።

«አምና ስልሳ ስድስት ነበር፤ አምና ዝናብ ነበረ። ዘንድሮ ጠብ ያለ የለም። መሬት በድርቅ አጥሮ ያያችሁ አላችሁ?»

ጫጫታው ከበሩ ጀምሮ እየበረደ ሄደ።

«ሰባ አንድ ብትሉኝ አምናችሁ ነበር፤ አዝኜም ቢሆን እጽፈው ነበር። ስልሳ ስምንት ብትሉኝም እጽፈው ነበር። አርባ ሰባት ግን ቁጥር አይደለም። ማን ነው የዋሸው?»

«እኔ ነኝ!»

ይህን ያለው አንድ ሰው አልነበረም። አንዱ ድምፅ የቆቁ ነው፤ ሌላው ከአጠገቡ የወጣ፣ ከትንፋሽ እምብዛም የማይለይ ድምፅ ነው። ቆቁ ዞሮ እኅቱን አየ።

«አንቺ ምን አደረግሽ?»

«ከድንጋዩ ተነሣሁ» አለች እኅቱ። እያንዳንዱን ቃል ከእሾህ ውስጥ እንደምታወጣ ነበር። «ትሰማኝ ብዬ ከኋላህ ከኋላህ መጣሁ። አንተ እንደሆንክ ሳትሰማ አታነሣም፤ አውቅሃለሁ። ስለዚህ እኔ ልሸከመው አልኩ።»

«እኔ ደግሞ… ሳልሰማ አነሣሁ፣ እታለም። ረፋዱን ሙሉ።»

«አንተ? ሳትሰማ?»

ከሁሉ ይልቅ የጎዳት ይህ ይመስል ነበር።

ነጂው ራሱን በሁለት እጁ ያዘ። «ተስማምታችሁ መስሎኝ ነበር እኮ! እሷ ስትከተልህ ዐያለሁ፤ አንተ ስታልፍ ዐያለሁ፤ 'ብልሆች ናቸው፣ መክረውበታል' ብዬ አፌን ያዝኩ። ሌላ ጊዜ ዝም የማልል ሰው፣ ምነው ዛሬ ዝም አልኩ! ያንዳችሁ ውሸት ይበቃ ነበር እኮ፤ ያንዳችሁ ብቻ!»

ቆቁ ወደ ሹሙ ቀርቦ፣ «ጌታዬ፣ ነገ ከወንዙ ጀምረን እንድገመው። በእናቴ ይዤዎታለሁ፤ ጥሬውን እውነት አመጣልዎታለሁ» አለ።

ሹሙ እኅትየዋን ተመለከታት። ክፋት በፊቱ ላይ አልነበረም። «ትጥራህ እስቲ። እዚሁ፣ አሁን።»

እኅቱ ደረቷን ሞላች፤ አፏን ከፈተች። አንገቷ ላይ ያሉት ጅማቶች ተገተሩ። የወጣው ግን ነፋስ ብቻ ነበር። እንደገና ሞከረች። ቆቁ ከእሷ በክንድ ርቀት ቆሞ፣ በዕድሜው ሁሉ ሲሰማው የኖረውን ስም ሊሰማ አልቻለም።

«የተበላሸ ልኬት፣ ልኬት አይደለም» አለ ሹሙ በዝግታ። «ያልተለካ መንገድ አይሣልም። ደንቡን ያወጣሁት እኔ አይደለሁም።»

እናትየዋ ገመዷን እንደያዘች በሰዎቹ መካከል ገብታ ነበር። «ጌታዬ፣ ልጆቼ ይህን ያደረጉት ለኔ ሲሉ ነው። ቅጣት ካለው ቅጣቱ ለኔ ይሁን።»

ሹሙ ወረቀቱን አጠፈ። «እማማ፣ ቅጣቱ እኮ ለእርስዎ ነው የሆነው» አላት።

መንደሩ ነፋሱ ሳይነሣ ተነቀለ። ሰዎቹ መዝጊያቸውንና የጣሪያቸውን ዕንጨት እየፈቱ ጫኑ። ቆቁን የሰደበው የለም፤ ከስድብ ይልቅ በአጠገቡ ሲያልፉ ዝም ማለታቸው ከበደው። ነጂው በቅሎውን ለውሃ ሳይሆን ለዕቃ አከራየ፤ ከዚያ ወዲህም አፉ እንደ ቀድሞው አልተፈታም።

እናትየዋን ወደ ከተማ አምጥተው ከእኅቱ ጋር በአንዱ ክፍል አኖሯት። መውቀስ አልወቀሰቻቸውም። ቀን ቀን በበሩ ተቀምጣ ገመድ ትገምዳለች፤ የሚገዛት አልነበረም፤ ገመዱ ከአልጋው ሥር ተጠቅልሎ ይከማች ጀመር። ማታ ማታ፣ «ለሰዎቹ ውሃው ሄደላቸው?» ብላ ትጠይቃለች። በመጀመሪያ ቆቁ «ተበትነዋል እኮ፣ እማማ» ይላት ነበር። ኋላ «ሄደ» ማለት ጀመረ። ዝናብ ሳይጥል ሞተች።

የእኅቱ ድምፅ አልተመለሰም። ቆቁን ስትፈልገው ግድግዳውን በማንኪያ ትመታለች፤ እሱም ያን እየሰማ ይመጣል። ስለ መንገዱ በመካከላቸው አንድም ጊዜ አልተነሣም። «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» ይባላል፤ ሆኖም እያደር የሚጨልምም እውነት አለ። ካርታ ቤቱ በሚቀጥለው ዓመት የሰውን ድምፅ ትቶ በመለከት መለካት ጀመረ። የመለከት ጥሪ ከሰው ጥሪ በብዙ ስለሚረዝም፣ የድሮው ቁጥር ከአዲሱ ጋር የሚመዛዘንበት መንገድ ጠፋ። በዚያ ዓመት የረዘመው መሬቱ ይሁን ያጠረው ድምጿ፣ የመጨረሻውም መንደር ከሰባ ጥሪ ውስጥ ይሁን ውጭ፣ የሚያውቅ የለም፤ ሊያውቅ የሚችልም የለም።

ቆቁን ካርታ ቤቱ አላባረረውም። በር ጠባቂ አደረገው። ጆሮውን በጥጥ መድፈኑንም ተወ።

በሰሚነት ባገለገለበት ዘመን ሠላሳ አንድ መንገዶችን ለክቷል። ሠላሳዎቹ በካርታው ላይ ይገኛሉ።